ስለ ድምፅ ጠባቂዎች

በጋምቤላ ከተማ ለሕዝብ የተደረገ ንግግር



በባሮ ወንዝ ዳር በተሰበሰበ ጉባኤ ፊት ቆሞ ስለ ኦፔራ የሚናገር ሰው፥ ገና የመጀመሪያው ቃል ከአፉ ሳይወጣ፥ «ይህ ሰው አገር ተሳስቶ ይሆን?» የሚል ጥርጥር በብዙዎች ልብ እንደሚያሳድር አላጣሁትም። ኦፔራ ማለት ተዋንያኑ በተራ ንግግር ፈንታ በዜማ የሚነጋገሩበት፥ ብዙ የሙዚቃ መሣሪያም አንድነት የሚያጅበው፥ ከዛሬ አራት መቶ ዓመት በፊት በጣልያን አገር ተጀምሮ ወደ መላው አውሮጳ የተዛመተ ተውኔት ነው፤ ከእኛ ደጅ የበቀለ ጥበብ ነው ብዬ ልዋሽ አልመጣሁም። የዛሬው ነገሬ ግን በተውኔቱ ላይ ሳይሆን፥ የተውኔቱን ዘፋኞች ድምፅ ከጥፋት ለማዳን ዕድሜያቸውን በሰጡ ጥቂት ሰዎች ላይ ነው፤ የእነዚህን ሰዎች ሥራ ጠጋ ብለን ስንመረምረው፥ ስለ ራሳችን ዜማ፥ በተለይም ስለ ጋምቤላ ዜማ፥ ልንሸሸው የማይገባንን ጥያቄ ያነሣብናልና። የምጠቅሳቸው ዓመታት፥ ሌላ ካላልሁ በቀር፥ በአውሮጳ አቈጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ አስታውቃለሁ።

ነገሩም ከጋምቤላ ጋር ያለው ዝምድና ከምትገምቱት ይልቅ የቀረበ ነው። በ1898 የእንግሊዝ ንግሥት ቪክቶሪያ ለዐፄ ምኒልክና ለእቴጌ ጣይቱ የላከችው ሰላምታ በወረቀት የተጻፈ ብቻ አልነበረም፤ በዚያን ዘመን ገና እንግዳ በነበረው በፎኖግራፍ፥ በሰም ሲሊንደር ላይ የተቀረጸ የገዛ ራሷ ድምፅ ነበር እንጂ። ያንን ድምፅ ወደ አዲስ አበባ አምጥቶ በቤተ መንግሥት ያሰማው ጆን ሌን ሃሪንግተን የተባለው የእንግሊዝ መልእክተኛ ሲሆን፥ ንጉሠ ነገሥቱ ለንግሥቲቱ ድምፅ ክብር መድፍ ማስተኰሳቸው ተጽፎ ይገኛል። ከተሰማ በኋላ ግን ሲሊንደሩ፥ አስቀድሞ በተደረገው ስምምነት መሠረት፥ እንዲጠፋ ሆነ፤ በ1899 ምኒልክና ጣይቱ በዚያው ዓይነት መሣሪያ የላኩት መልስ ግን ተርፎ እስከ ዘመናችን ደርሷል። ይኸው ሃሪንግተን ነው እንግዲህ በ1902 (በእኛ አቈጣጠር ግንቦት 7 ቀን 1894 ዓ.ም.) የሱዳንን ወሰን ውል ከምኒልክ ጋር የተዋዋለው፤ በዚያም ውል አራተኛ አንቀጽ፥ በባሮ ላይ በኢታንግ አቅራቢያ፥ የወንዝ ዳርቻው ከ2000 ሜትር፥ ጠቅላላ ስፋቱም ከ400 ሄክታር የማይበልጥ ቦታ ለንግድ ጣቢያ እንዲከራይ ተጻፈ። ጥቂት ቆይቶ ለጣቢያው ከኢታንግ ይልቅ ይህ ከወንዙ ወደ ላይ ያለው ቦታ ተመረጠና፥ ክረምት ገብቶ ወንዙ በሞላ ቍጥር የእንፋሎት መርከብ ከካርቱም ሸቀጥ ይዞ የሚወጣበት፥ ቡና ጭኖ የሚወርድበት፥ እስከ 1956 ድረስም በባዕድ አስተዳደር ሥር የቆየው የጋምቤላ ከተማ ተቈረቈረ። የተቀረጸን ድምፅ ወደ አገራችን ያመጣው እጅና የዚህችን ከተማ ውል የፈረመው እጅ አንድ መሆኑን ሳስብ፥ ስለ ድምፅ ጠባቂዎች ለመናገር ከዚህ የተሻለ ቦታ አይታየኝም።

ውሉ ከመፈረሙ አንድ ወር ያህል ቀደም ብሎ ደግሞ፥ በሚላኖ ከተማ በአንድ ሆቴል ክፍል ውስጥ፥ ፍሬድ ጋይዝበርግ የተባለ የግራሞፎን ኩባንያ ሠራተኛ፥ ኤንሪኮ ካሩሶ የተባለውን የ29 ዓመት ናፖሊታዊ ዘፋኝ ዐሥር ዜማ በ100 ፓውንድ አዘፍኖ በሸክላ ቀረጸ። የግራሞፎንን ታሪክ የሚጽፉ ሊቃውንት፥ ሸክላ ከመጫወቻነት ወጥቶ ከጥበብ ተራ የተቈጠረው በዚያን ቀን ነው ይላሉ። ከዐሥሩ አንዱ ከጁዜፔ ቬርዲ «አይዳ» የተወሰደ ነበር፤ አይዳም በተውኔቱ ውስጥ በግብፅ የተማረከች የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ስትሆን፥ የሚዘፍነው የግብፅ ጦር አለቃ ኢትዮጵያውያንን ድል ነሥቶ ለልጂቱ ዘውድ ሊደፋላት የሚመኝ ነው። ይህን ተውኔት ያሠራው የግብፅ ገዥ ኬዲቭ እስማኤል ሲሆን፥ በካይሮ በታኅሣሥ 24 ቀን 1871 ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ፤ አራት ዓመት ሳይሞላ ይኸው እስማኤል ጦሩን ወደ እውነተኛይቱ ኢትዮጵያ ቢልክ፥ በጉንደትና በጉራዕ ዐፄ ዮሐንስ ድል አድርገው እንደ መለሱት ለእናንተ መንገር አያስፈልገኝም። ተውኔት ጸሐፊ እንደ ወደደ ይጽፋል፤ ታሪክ ግን ሌላ ነው።

አሁን ወደ መሣሪያው ልግባ፤ መሣሪያውን ያላወቀ ሰው የጠባቂውን ድካም ሊመዝን አይችልምና። ቶማስ ኤዲሰን ፎኖግራፍን በ1877 ከፈለሰፈ ጀምሮ እስከ 1925 ገደማ ድረስ፥ በድምፅ ቀረጻ ውስጥ የኤሌክትሪክ ማጕያ አልነበረም። ዘፋኙ እንደ መለከት አፉ በሰፋ ቱቦ ፊት ይቆማል፤ የትንፋሹ ንዝረት በቱቦው ጠባብ ጫፍ ያለችውን ስስ ገበታ ያንቀጠቅጣል፤ ገበታይቱ የያዘችው ስለትም በሚሽከረከረው ሰም ላይ ቦይ ትቈፍራለች፤ ሌላ ምሥጢር የለውም። ስለዚህም ዘፋኙ ድምፁን ከፍ ሲያደርግ ወደ ኋላ ማለት፥ ዝቅ ሲያደርግ ወደ ቱቦው መጠጋት ነበረበት፤ ሳይመለስ ቢጮህ ስለቱ ዘሎ ቀረጻው ይበላሻል። የወፍራም ክራር ዓይነት ጥልቅ ድምፅ ያላቸውን ባለ አውታር መሣሪያዎች ቱቦው አጥርቶ አይሰማቸውም ነበርና፥ በእነርሱ ፈንታ የናስ መለከት ይተካ ነበር። ሲሊንደሩም ሆነ የመጀመሪያው ሸክላ የሚይዘው ሁለት፥ ቢበዛ ሦስትና አራት ደቂቃ ብቻ በመሆኑ፥ ዜማው ካለቀ አለቀ፥ ካላለቀም ተቈርጦ ይቀራል። ስለዚህ እኛ ዛሬ ከነዚያ ሸክላዎች የምንሰማው፥ ሰውየው የዘፈነውን ሁሉ ሳይሆን፥ መሣሪያው ሊሸከም የቻለውን ብቻ ነው፤ ይህንን ዘንግቶ «ድሮ ዘፋኞች ድምፃቸው ቀጭን ነበር» የሚል ሰው ቱቦውን ከሰውየው ጕሮሮ አልለየውም።

ሸክላው ራሱ የሚሠራው በህንድ አገር ነፍሳት ከሚያወጡት ሙጫ ከደቀቀ ድንጋይ ጋር ተለውሶ ነበርና፥ ከወደቀ ይሰበራል፤ ሳይወድቅም መርፌው በየጊዜው እየፋቀ ያሳሳዋል። የዋናው መዳብ ቅርጽ ደግሞ ኩባንያዎች ሲከስሩ፥ ጦርነት ሲነሣና ብረት ሲፈለግ ብዙ ጊዜ ቀልጧል። እንግዲህ ከመቶ ዓመት በፊት የተዘፈነ ዜማ ዛሬ በአንድ ሰብሳቢ ቤት በአንድ ቅጂ ብቻ ተርፎ ቢገኝ የሚያስደንቅ አይደለም።

ነገር ግን ከመሰበሩና ከመፋቁ ይልቅ ጠባቂውን የሚያስጨንቀው ፍጥነቱ ነው። ሁላችንም የድሮ ሸክላ በደቂቃ 78 ዙር ይዞራል ሲባል ሰምተናል፤ በመጀመሪያዎቹ ሃያ ዓመታት ግን ይህ ሕግ ገና አልጸናም፤ አንዱ ኩባንያ በ70፥ ሌላው በ80 ይቀርጽ ነበር፤ በአንድ ቀን የተቀረጹ ሁለት ሸክላዎች እንኳ ላይስማሙ ይችላሉ። በ78 ዙር እናሰማዋለን ያልነው ሸክላ የተቀረጸው በ74 ገደማ ከሆነ፥ ዜማው በፒያኖ አንድ እርከን ያህል ከፍ ይላል፤ የሰውየውም ድምፅ ቀጥኖና ተቻኩሎ የማያውቀውን ጠባይ ይይዛል። ታዲያ ትክክለኛው ፍጥነት በምን ይታወቃል? «የደራሲው ጽሑፍ በየትኛው ድምፅ እንደሚጀምር ይታይ» ማለት ቀላል ይመስላል፤ ሆኖም ዘፋኙ በዕድሜ ሲገፋ፥ ወይም ያን ዕለት ጕሮሮው ሲታመም፥ ዜማውን ዝቅ አድርጎ ዘፍኖት ይሆናል፤ እንዲህ ከሆነ በጽሑፉ የታመነ ጠባቂ አሳስቶ ያርመዋል። ስለዚህ ጠባቂው የዜማውን ጽሑፍ፥ የዘፋኙን የሕይወት ታሪክ፥ በዚያ ዘመን በየከተማው የሙዚቃ መሣሪያ የሚቃኝበትን ልክ፥ የኩባንያውን የቀረጻ መዝገብ፥ ከሁሉ ይልቅ ደግሞ የሰውየውን ድምፅ በሌሎች ሸክላዎች ማወቅ አለበት። እኔ ከዚህ ሥራ የምማረው ዋና ነገር ይህ ነው፦ ሸክላን ማከማቸት የሥራው ታናሽ ክፍል ነው፤ ታላቁ ክፍል ስለ ሸክላው ማወቅ ነው። ዕውቀቱ የጠፋበት ሸክላ፥ ሸክላው ባይሰበርም፥ ዜማው ተሰብሯል።

ለዚህም ምስክር የሚሆነኝ ሊዮኔል ሜፕልሰን የተባለ፥ በኒው ዮርክ የሜትሮፖሊታን ኦፔራ የሙዚቃ ጽሑፍ ጠባቂ የነበረ ሰው ነው። ይህ ሰው ከ1901 እስከ 1903 ድረስ፥ ማንም ሳያዘው፥ ተውኔቱ በሕዝብ ፊት በሚታይበት ሰዓት ከመድረኩ በላይ ካለው የመጋረጃ ሠራተኞች ድልድይ ላይ ፎኖግራፉን እየተከለ፥ ሁለት ሁለት ደቂቃ ያህል ቀረጸ። ድምፁ ከሩቅ እንደሚሰማ፥ በወንፊት እንደ ተነፋ ነው፤ ከጩኸትና ከመንቋቋት ብዛት የተነሣ ያልለመደ ጆሮ አንድም ነገር አይለይበትም። ቢሆንም ዣን ደ ሬሽኬ የሚባለውን፥ በዘመኑ የአውሮጳና የአሜሪካ ታላቅ ዘፋኝ የነበረውን ሰው፥ የምንሰማው በእነዚህ ሲሊንደሮች ብቻ ነው፤ ለገበያ የወጣ ሸክላ አልተወምና። ሲሊንደሮቹ በየእጁ ሲዘዋወሩ ኖረው በመጨረሻ በኒው ዮርክ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት ተሰብስበው በ1985 በአንድነት ታትመው ወጡ፤ ለዚህም ማን እንደሚዘፍን፥ በየትኛው ሌሊት እንደሆነ ለማረጋገጥ የዘመኑን የተውኔት መርሐ ግብርና ጋዜጣ ማመሳከር የጆሮውን ሥራ ያህል አድካሚ ነበር።

በዘመናችን ደግሞ በፊላዴልፊያ አጠገብ የሚኖር ዋርድ ማርስተን የሚባል ሰው አለ፤ በ1952 የተወለደ፥ ከሕፃንነቱ ጀምሮ ዓይነ ስውር የሆነ፥ ለመተዳደሪያው ጃዝ በፒያኖ የሚጫወት፥ ልቡ ግን ገና ከልጅነቱ በአሮጌ ሸክላ የተነደፈ ሰው ነው። ለታላላቅ ኩባንያዎች የድሮ ቀረጻዎችን ሲያድስ ቆይቶ፥ በ1997 በስሙ የሚጠራ አነስተኛ ማተሚያ አቋቋመ፤ ከዚያ ወዲህ በሌሎች ዘንድ አይሸጡም ተብለው የተናቁትን የኦፔራ ዘፋኞች፥ የእያንዳንዳቸውን ቀረጻ ሁሉ አንድም ሳይቀር በቅደም ተከተል እያሳተመ ይኖራል። የአገራችንን የአብነት ትምህርት ቤት ለሚያውቅ ሰው ግን ዓይነ ስውር ሊቅ በጆሮው ዜማ ሲያርም ማየት አዲስ ነገር አይደለም፤ ቅኔና ዜማ አስተማሪ ከሆኑት መሪጌቶቻችን ስንቶቹ ብርሃናቸው የጆሮ ብቻ እንደነበረ እናውቃለን። ማርስተን ስለ አሠራሩ ሲጠየቅ የሚሰጠው ትምህርት አንድ ነው፤ ጩኸቱን ሁሉ ላጥፋ የሚል ሰው የዘፋኙን ትንፋሽ አብሮ ያጠፋል፤ ስለዚህ አሮጌውን ሸክላ አዲስ እንዳይመስል መተው የጥበቡ ክፍል ነው። በዚህ ፍርዱ እኔም ሙሉ በሙሉ እስማማለሁ።

ድምፅን አሽጎ ለማቆየት የሞከረም አለ፤ ስለ ፓሪስ ኦፔራ ማሰሮዎች በአጭሩ ላውሳ። አልፍሬድ ክላርክ የተባለ የግራሞፎን ኩባንያ አለቃ በ1907፥ በታኅሣሥ 24 ቀን፥ የታላላቅ ዘፋኞችን 24 ሸክላዎች በብረትና በእርሳስ ማሰሮ አሽጎ፥ ከመቶ ዓመት በኋላ ይከፈት ብሎ በኦፔራው ቤት ምድር ቤት አስቀመጠ። መቶ ዓመቱ ሲፈጸም ማሰሮዎቹ ተከፍተው ሸክላዎቹ ተሰሙ። ነገሩ እጅግ ያማረ ሐሳብ ነው፤ ሆኖም ከማርስተን ሥራ ጋር ሳስተያየው እምብዛም አያረካኝም፤ የታሸገ ድምፅ ለመቶ ዓመት ማንም አላወቀውም፥ ማንም አልተማረበትምና።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። ኢትዮጵያ ድምፅን በመጠበቅ ጉዳይ ከማንም አገር ወደ ኋላ የቀረች አይደለችም፤ በቅዱስ ያሬድ ስም የምናከብረው የቤተ ክርስቲያን ዜማ፥ በግዕዝ በዕዝልና በአራራይ ሥርዓት ተከፍሎ፥ በአፍ ብቻ ከመምህር ወደ ተማሪ ሲተላለፍ ከኖረ በኋላ፥ በ16ኛው ምዕት ዓመት በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጕኤል የዜማውን ምልክት ሠርተው በድጓው ፊደላት ላይ ጻፉለት። ይህም ታላቅ ፍልሰፋ ነው፤ ምልክቱ ግን ብቻውን አያዜምም፤ ቤተልሔም ወደሚባለው የድጓ ትምህርት ቤት ሄዶ ከመምህሩ እግር ሥር ቍጭ ብሎ ያልሰማ ሰው፥ ምልክቱን ቢያይ ምን እንዳለ አያውቅም። ሊቃውንቱ ይህን ጠንቅቀው ስለሚያውቁ ነው ብራናውን ከመጠበቅ ይልቅ ትምህርት ቤቱን ለመጠበቅ የደከሙት። በሸክላው ነገር ላይ የተናገርሁትን እነርሱ ከአራት መቶ ዓመት በፊት ሠርተውበታል።

በዓለማዊው ዜማ በኩል ደግሞ፥ ምኒልክ አውቶሞቢል ሥራ እንዲማር ወደ ጀርመን የላኩት ተሰማ እሸቴ፥ ኋላ ነጋድራስ የተባለው፥ ከ1908 እስከ 1910 ባለው ጊዜ በበርሊን ማሲንቆውን ይዞ በሸክላ ዘፈነ፤ ለገበያ የወጣ የኢትዮጵያ ዜማ ቀረጻ የሚጀምረው ከዚያ ነው። ሰውየው በቤተ መንግሥት ያደገ ባለ ቅኔ ነበርና፥ ግጥሞቹ የዘመኑን ሰዎችና ነገሮች እየጠቀሱ ይሄዳሉ፤ ማን እንደ ተነካ፥ የትኛው ስም በሰም ውስጥ እንደ ተሰወረ ለማወቅ የዚያን ዘመን ሰው መጠየቅ ያስፈልጋል፤ የዚያ ዘመን ሰው ግን አልቋል። ሸክላዎቹ ከመቶ ዓመት በኋላ እንደገና ታትመው ለሕዝብ የተሰሙት ፍራንሲስ ፋልሴቶ በተባለ ፈረንሳዊ ትጋት ነው።

ይህ ፋልሴቶ ከሁሉ ይልቅ የዛሬውን ርእሳችንን የሚመስል ሰው ነው። በ1980ዎቹ የዘፋኙን የማሕሙድ አሕመድን አንድ ሸክላ በአጋጣሚ ሰምቶ፥ ከዚያ ወዲህ ዕድሜውን ለኢትዮጵያ ሙዚቃ ሰጠ፤ በ1997፥ ማርስተን የራሱን ማተሚያ ባቋቋመበት ዓመት ማለት ነው፥ «ኢትዮፒክስ» የሚባለውን ተከታታይ ዕትም ጀምሮ ወደ ሠላሳ ጥራዝ አደረሰው። በዚህ ዕትም ውስጥ ከአዲስ አበባ ኦርኬስትሮች በተጨማሪ፥ የዓለሙ አጋ በገናና የእማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ ፒያኖ ይገኛሉ። ፋልሴቶም ያለ ቀዳሚዎች አልሠራም፤ በ1948 በወጣ ትእዛዝ ሸክላ የማሳተም መብት ለሀገር ፍቅር ማኅበር ብቻ ተሰጥቶ ሳለ፥ ዐምሓ እሸቴ የተባለ የሸክላ ሱቅ ባለቤት ወጣት በ1969 ትእዛዙን ደፍሮ ዘፋኙን ዓለማየሁ እሸቴን በሸክላ ባያወጣ፥ እስከ 1975 ድረስም ከመቶ የበለጡ ሸክላዎች ባያሳትም፥ ፋልሴቶ ምን ያገኝ ነበር? የሚቈጨን ነገር ቢኖር፥ የዐምሓን ሥራ ዋጋ ለማየት ከውጭ የመጣ ጆሮ ማስፈለጉ ነው፤ ይህንን ስል ፈረንሳዊውን ለማመስገን እንጂ ለማማት አይደለም።

ይሁን እንጂ የአዲስ አበባ ዜማ ኢትዮጵያን ሁሉ አይወክልም። የጋምቤላ ዜማ፥ የአኙዋ፥ የኑዌር፥ የመዠንግር፥ የኦፖና የኮሞ ዜማ፥ በሸክላ ገበያ ውስጥ አልገባም ነበር ማለት ይቻላል፤ ባሮ ግን ሳያሰልስ ባዕዳን ተመራማሪዎችን አምጥቷል። እንግሊዛዊው ኤቫንስ ፕሪቻርድ በ1935 ወደ አኙዋ አገር መጥቶ ያጠና ሲሆን፥ በ1940 ባሳተመው ስለ ኑዌር በሚናገረው መጽሐፉ፥ ወጣቱ ግንባሩ ተበጥቶ ለአቅመ ወንድ ሲደርስ ስለሚሰጠው በሬ፥ በበሬውም ስም ስለ መጠራቱና ለበሬው ስለሚያዜመው ዜማ በሰፊው ጽፏል። በ1971 የወጣው፥ ሂላሪ ሃሪስና ጆርጅ ብሬደንባክ በሮበርት ጋርድነር ረዳትነት የሠሩት የኑዌር ፊልም ደግሞ የተቀረጸው በዚሁ በኢትዮጵያ በኩል ባለ የኑዌር መንደር ነው። እነዚህን ነገሮች ከእኔ ይልቅ እናንተ ታውቋቸዋላችሁና ስለ ዜማዎቹ ጠባይ ላስተምራችሁ አልደፍርም፤ ነገሬ ስለ አጠባበቃቸው ነው።

የአኙዋን ቶም ውሰዱ፤ በእንጨት ሳጥን ላይ የተደረደሩትን የብረት ምላሶች በአውራ ጣት እየነካ የሚጫወት ሰው፥ ከድምፁ ዝቅ ብሎ ሲያዜም ዛሬ በእጅ ስልክ ይቀረጻል፤ ቀራጩም ሥራውን እንደ ፈጸመ ይቈጥረዋል። ነገር ግን የስልክ ጆሮ፥ ከመቶ ዓመት በፊት እንደ ነበረው ቱቦ፥ የራሱ ድንበር አለው፤ የታላቁን ከበሮ ጥልቅ ድምፅ ይቀንሰዋል፤ ነፋስ ከተነሣ ከዜማው ይልቅ ነፋሱን ይሰማል። ከዚያም ፋይሉ ከስልክ ወደ ስልክ ሲላክ እያነሰና እየደበዘዘ ይሄዳል፤ ስሙም ቍጥር ብቻ ስለሆነ ማን፥ የት፥ በምን ቋንቋ፥ በምን ምክንያት እንዳዜመ የሚያስረዳ የለም። ሜፕልሰን ሁለት ደቂቃ ያህል ቀርጾ የተወውን ለመለየት ሰማንያ ዓመት ከፈጀ፥ እኛ በየቀኑ የምንቀርጸውን ለመለየት ማን ይበቃል?

በቆዩ ካሴቶችና በክር ቴፖች በኩል ደግሞ የጋምቤላ አየር ጠላታቸው ነው። በሙቀትና በርጥበት ብዛት መግነጢሱን ከፕላስቲኩ ጋር ያጣበቀው ሙጫ ይላላል፤ ቴፑ ይጣበቃል፥ ይሻግታል፤ ሲዞርም እየተላጠ ድምፁን በመሣሪያው ላይ ጥሎት ይቀራል። ስለዚህ በቤታችሁ የዘመድ ድምፅ ያለበት ካሴት ካለ፥ በሞቀ ጣሪያ ሥር አታስቀምጡት፤ እየተጣበቀ የሚዞር ከሆነም ደጋግማችሁ ለመስማት አትሞክሩ፤ አንድ ጊዜ ብቻ፥ በሚያውቅ ሰው እጅ፥ ወደ ሌላ ይገልበጥ። የዓለም የድምፅ ቤተ መዛግብት ባለሙያዎች ለቴፕ የ2025ን ዓመት እንደ ወሰን ይጠቅሱ የነበሩት በዚያን ጊዜ ቴፑ ሁሉ ያልቃል ብለው ሳይሆን፥ የማጫወቻው መሣሪያና መሣሪያውን የሚጠግን ሰው እየጠፉ በመሆናቸው ነው፤ ካሴቱ ተርፎ ቴፕ ሬኮርደሩ ቢጠፋ ምን ይረባናል?

የዚህን ጊዜ ወጣቶች ትልቅ ቤተ መዛግብት እስኪሠራ አትጠብቁ እላቸዋለሁ። አንድ ሰው፥ በአንድ ቋንቋ፥ በአንድ አውራጃ ቢጸና ይበቃል፤ ማርስተንም ፋልሴቶም የጀመሩት በመሥሪያ ቤት ትእዛዝ አይደለም። ዜማውን ስትቀርጹ አስቀድማችሁ ባለ ዜማው ስሙን፥ መንደሩን፥ ቀኑን፥ ዜማውን ከማን እንደ ተማረው በራሱ አንደበት ይናገር፤ ይህ ከዜማው ጋር በአንድ ቀረጻ ውስጥ ከገባ ሊለያይ አይችልም። ቃሉን በቋንቋው ጻፉት፤ ከዚያም የማይገባውን ቃል ሁሉ ከአዛውንት ጠይቁና በጎኑ አስፍሩ። ቅጂው በሦስት ቦታ ይቀመጥ፤ አንዱ በዚሁ በጋምቤላ፥ አንዱ በአዲስ አበባ፥ አንዱ በሌላ አገር፤ ምክንያቱም እሳትና ጎርፍ በሦስቱም ላይ በአንድ ቀን አይደርሱም።

የቀረ አንድ ጥያቄ አለ፤ እርሱም ባለቤቱ አይጠበቅብኝ ያለው ድምፅ ምን ይሁን የሚል ነው። ዣን ደ ሬሽኬ በኋላ ዘመን የተቀረጸለትን ሸክላ አይሸጥብኝ ብሎ እንዳስጠፋ ይነገራል። በዚህ አገርም ለተወሰነ ሰው፥ ለተወሰነ ሰዓት፥ በጠብ ወይም በፍቅር ጊዜ የሚዜም፥ ለባዕድ ጆሮ ያልተባለ ዜማ ሞልቷል፤ ለበሬው የሚያዜም ወጣት ለዓለም ሁሉ እያዜመ አይደለም። በእኔ ፍርድ ጠባቂው ይህን ዜማ ሊቀርጽ ቢፈቀድለት እንኳ፥ የፈቃዱን ልክ ከስሙ ቀጥሎ ይጻፍ፤ ማን ሊሰማው እንደሚገባ፥ ከስንት ዓመት በኋላ፥ ባለ ዜማው ካረፈ ወይስ በሕይወት ሳለ። ባለ ዜማው ዛሬ በሕይወት አለ፤ በኢታንግ፥ በላሬ፥ በአቦቦ፥ በጎግ ይኖራል፤ ሄዶ ሊጠየቅ ይችላል።